ባትሪያችሁ እስከ ማታ እንዲቆይ፦ ለደሴና ለኮምቦልቻ ስልክ ተጠቃሚዎች ዝርዝር መመሪያ

ጠዋት ሞልቶ የወጣ ስልክ ከቀኑ 9 ሰዓት ሳይደርስ ሲዘጋ አብዛኛው ሰው ከሦስት ነገሮች አንዱን ያደርጋል፦ አዲስ ባትሪ ይገዛል፣ «ባትሪ ቆጣቢ» የሚል መተግበሪያ ያወርዳል፣ ወይም የተከፈቱትን መተግበሪያዎች በየአምስት ደቂቃው እየጠረገ ይዘጋል። ሦስቱም የሚደረጉት ባትሪውን የሚበላው ነገር ሳይታወቅ ነው፤ ስለዚህ ብዙ ጊዜ ከሳምንት በኋላ ችግሩ እንዳለ ይገኛል። ስክሪን ብዙ እንደሚበላ ሁሉም ያውቃል። በደሴና በኮምቦልቻ ግን ሌላ፣ ብዙም የማይጠረጠር በላተኛ አለ፤ በተራራና በገደል መሃል ኔትወርክ ሲፈልግ የሚውለው የስልኩ ሬዲዮ።

ደረጃዎቹን በተጻፉበት ቅደም ተከተል ሥሩ። ሦስት ሌሊት የሚወስደውን ደረጃ 1 አትዝለሉ፤ ሰው የሚሳሳተው እሱን ዘሎ ነው። መመሪያው የተጻፈው በአብዛኛው ለአንድሮይድ ስልኮች፣ ማለትም ለቴክኖ፣ ለኢንፊኒክስ፣ ለአይቴልና ለሳምሰንግ ነው። የአይፎን አሠራር የሚለይበት ቦታ ላይ ተጠቅሷል። ስልካችሁ በአማርኛ ከሆነ «ቅንብሮች»፣ በእንግሊዝኛ ከሆነ «ሴቲንግስ» የሚለውን ነው ከዚህ በታች «ሴቲንግ» የምለው። የንዑስ ርዕሶቹ ስም ከስልክ ስልክ ትንሽ ይለያያል፤ ካጣችሁት ሴቲንግ ውስጥ ከላይ ባለው መፈለጊያ ቃሉን ጻፉ።

ከመጀመራችሁ በፊት

1. እስክሪብቶና ወረቀት አዘጋጁ። በቃል መያዝ አይሠራም፤ የሚፈርደው ማታና ጠዋት የምትጽፉት ቁጥር ነው።

2. የስልኩን ጀርባና ጠርዝ በጥንቃቄ ተመልከቱ። ሽፋኑ ከፍ ካለ፣ ስክሪኑ ከማዕቀፉ ከተላቀቀ ወይም ስልኩ ጠረጴዛ ላይ ተኝቶ የሚወዛወዝ ከሆነ ባትሪው አብጦ ይሆናል። ቻርጅ ማድረግ አቁሙና በቀጥታ ወደ ደረጃ 7 ሂዱ። ሌላው ሁሉ ይቆያል።

3. ስልኩን አጥፍታችሁ አብሩ። ለሳምንታት ሳይጠፋ የቆየ ስልክ ውስጥ ተጣብቆ የቀረ ሥራ ሊኖር ይችላል፤ የአንዳንዱ ሰው ችግር እዚሁ ያበቃል።

4. ሶፍትዌሩንና መተግበሪያዎቹን በዋይፋይ አዘምኑ። ከትልቅ የሶፍትዌር ማዘመን በኋላ ስልኩ ለአንድ ሁለት ቀን ከወትሮው በላይ ባትሪ ሊፈጅ ይችላል፤ ፋይሎቹን ውስጥ ውስጡን እንደገና እያደራጀ ስለሆነ ነው። እነዚያ ቀናት ካለፉ በኋላ ጀምሩ።

5. ያወረዳችኋቸውን «ባትሪ ቆጣቢ»፣ «ራም አጽጂ»፣ «ስልክ አቀዝቃዥ» የሚሉ መተግበሪያዎች ሰርዙ። ራሳቸው ከበስተጀርባ ይሠራሉ፤ ብዙዎቹም ማስታወቂያ ይጭናሉ። ስልኩ ከፋብሪካ ይዞት የመጣውን የባትሪ ማስተዳደሪያ ግን አትንኩ።

ደረጃ 1፦ በላተኛውን ለዩ

በመጀመሪያ ሴቲንግ ከፍታችሁ «ባትሪ» ውስጥ ግቡና የባትሪ አጠቃቀም ዝርዝሩን ተመልከቱ። የትኛው መተግበሪያ ስንት በመቶ እንደበላ ያሳያል። ስሙን ስትነኩት ከፊት ለፊታችሁ ተከፍቶ ስንት ደቂቃ፣ ከበስተጀርባ ደግሞ ስንት ደቂቃ እንደሠራ ይነግራችኋል። ሁለት ሰዓት ቪዲዮ ያያችሁበት መተግበሪያ 25 በመቶ ቢበላ ተገቢ ነው። ሳትከፍቱት የዋለ መተግበሪያ 10 በመቶ ከበላ ግን ስሙን ወረቀቱ ላይ ጻፉ።

ዝርዝሩ ብቻውን አይበቃም፤ የኔትወርክ ፍለጋን በግልጽ የማያሳዩ ስልኮች አሉና። ስለዚህ የሌሊቱን ፈተና ሥሩ። በሦስቱም ሌሊት ስልኩን አንድ ቦታ አስቀምጡ፤ ቻርጅ ላይ አትሰኩት።

ሌሊት 1። ምንም ሳትነኩ፣ እንደ ወትሮው። ከምሽቱ 4 ሰዓት ላይ ያለውን በመቶ ጻፉ፤ ንጋት 12 ሰዓት ላይ ያለውን ጻፉ።

ሌሊት 2። ዳታንና ዋይፋይን አጥፉ፤ ሲሙ ግን ይሥራ። በተመሳሳይ ሰዓት ጻፉ።

ሌሊት 3። ኤርፕሌን ሞድ አብሩ፤ ዋይፋዩም ጠፍቶ ይደር። እንደገና ጻፉ። ማስጠንቀቂያ፦ በዚህ ሌሊት ማንም ሊደውልላችሁ አይችልም። የታመመ ቤተሰብ ካለ ወይም የምትጠብቁት ስልክ ካለ ፈተናውን ለሌላ ቀን አዛውሩት። የማንቂያ ደወሉ ግን ይሠራል።

አሁን ሦስቱን ቁጥሮች ጎን ለጎን አስቀምጡ። ጤናማ ስልክ በ8 ሰዓት እንቅልፍ ከ2 እስከ 5 በመቶ ቢያወርድ ተገቢ ነው። ከ10 በመቶ በላይ የሚወርድ ከሆነ እንዲህ አንብቡት።

በሌሊት 1 ብዙ ወርዶ በሌሊት 2 ጥቂት ከወረደ፣ በላተኛው በዳታ የሚሠሩ መተግበሪያዎች ናቸው። ደረጃ 4 ላይ አተኩሩ።

በሌሊት 1ም በሌሊት 2ም ብዙ ወርዶ በሌሊት 3 ጥቂት ከወረደ፣ በላተኛው የኔትወርክ ፍለጋ ነው። ደረጃ 2 የተጻፈው ለእናንተ ነው።

በሦስቱም ሌሊት ብዙ ከወረደ፣ ወይ ስልኩን እንዳይተኛ የሚያደርግ መተግበሪያ አለ ወይ ባትሪው አርጅቷል። ደረጃ 4ን ሞክሩ፤ ካልተሻለው ደረጃ 7።

በሦስቱም ሌሊት ጥቂት ወርዶ ቀን ቀን ብቻ የሚያልቅ ከሆነ፣ የሚፈጀው በእጃችሁ ሳለ የምታደርጉት ነው። ደረጃ 3 ይበቃችሁ ይሆናል።

ውጤቱ ግራ የሚያጋባ ከሆነ፣ ለምሳሌ ሌሊት 3 ከሌሊት 1 በላይ ካወረደ፣ ምናልባት በዚያ ሌሊት አንድ መተግበሪያ ሲዘምን ወይም ስልኩ ቻርጅ ተደርጎ ወዲያው ሲነቀል ነው። ያንኑ ሌሊት ድገሙት። በአንድ ቁጥር ብቻ አትወስኑ።

ደረጃ 2፦ የኔትወርክ ፍለጋውን አስቁሙ

ስልክ ከኔትወርክ ማማው ሲርቅ ወይም በመሃል ተራራ ሲገባ፣ ከገደል ማዶ ያለን ሰው እንደሚጣራ እረኛ ድምፁን ከፍ ያደርጋል፤ ለዚያ የሚያወጣው ጉልበት ከባትሪው ነው። ምልክቱ ጨርሶ ሲጠፋ ደግሞ ዝም አይልም፤ ደጋግሞ ይፈልጋል። ደሴ ከጦሳ ተራራ ሥር በተራሮች ተከባ ያለች ከተማ ናት። ወደ ኮምቦልቻ የሚያወርደው የሐረጎ መንገድም በ25 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቀት ውስጥ ከ600 ሜትር በላይ ቁልቁል ይጠመዘዛል። ስልኩ በየመታጠፊያው አንዱን ማማ ጥሎ ሌላውን ይይዛል። በዚህ መንገድ በየቀኑ የሚመላለስ ሰው ኪሱ ውስጥ ያለው ስልክ ሳይነካ ለምን እንደወረደ ሲጠይቅ አንዱ መልስ ይህ ነው።

ሀ. የምልክቱን ጥንካሬ ለኩ

በስክሪኑ ጥግ ያሉት ትንንሽ ዘንጎች አያስተማምኑም። ሴቲንግ፣ «ስለ ስልኩ»፣ «ስታተስ»፣ «ሲም ስታተስ» ውስጥ የምልክት ጥንካሬ በዲቢኤም (dBm በሚል መለኪያ) ተጽፎ ታገኛላችሁ። ቁጥሩ ሁልጊዜ በኔጌቲቭ ነው። በ4ጂ ላይ -90 ወይም ከዚያ ወደ ዜሮ የቀረበ ከሆነ ጥሩ ነው። -110ና ከዚያ የወረደ (-115፣ -120) ከሆነ ስልኩ እየታገለ ነው።

ስልኩ ብዙ የሚውልበትን ቦታ ሁሉ ለኩ፤ መኝታ ቤት፣ መስኮት አጠገብ፣ ሱቅ ውስጥ፣ ቢሮ። ወፍራም ግንብና የቆርቆሮ ግድግዳ ምልክትን ያዳክማሉ። ሰኞ ገበያ ውስጥ ከሱቅ ጀርባ ባለ መደርደሪያ ላይ የሚውል ስልክና በበሩ በኩል የሚቀመጥ ስልክ የተለያየ ቁጥር ሊያሳዩ ይችላሉ። ልዩነቱ 15 ወይም 20 ከሆነ ስልኩን ወደ ተሻለው ቦታ አዛውሩት። ምንም ዓይነት ሴቲንግ ሳይቀየር ከሚገኙ ጥቅሞች ሁሉ ትልቁ ይህ ነው።

ለ. ሁለተኛውን ሲም መርምሩ

የኢትዮ ቴሌኮምና የሳፋሪኮም ሲም አንድ ላይ የያዘ ስልክ ሁለት ኔትወርክ ይከታተላል። አንደኛው በሰፈራችሁ ደካማ ከሆነ ለእሱ ሲል ይደክማል። ሴቲንግ፣ «ሲም ካርድ» ውስጥ ገብታችሁ የማትፈልጉትን ለጊዜው አጥፉት፤ ማውጣት አያስፈልግም። ምንም ሂሳብ የሌለው ግን የተሰካ፣ ወይም አገልግሎቱ የተቋረጠ አሮጌ ሲም ካለ አውጡት። ከማጥፋታችሁ በፊት የባንክና የቴሌብር መልእክት የሚገባው በየትኛው ቁጥር እንደሆነ አረጋግጡ።

ሐ. የኔትወርኩን ዓይነት ምረጡ

ሴቲንግ፣ «ሞባይል ኔትወርክ»፣ «ተመራጭ የኔትወርክ ዓይነት» ውስጥ ግቡ።

1. ስልካችሁ 5ጂ የሚይዝ ሆኖ በሰፈራችሁ 5ጂ ከሌለ፣ «4ጂ/3ጂ/2ጂ» የሚለውን ምረጡ።

2. 4ጂ የተረጋጋ ከሆነ እዚያው ተዉት። 4ጂ በራሱ ባትሪ አይጎዳም፤ ሥራውን ፈጥኖ ጨርሶ ይተኛልና።

3. ጥግ ላይ ያለው ምልክት በ4ጂና በ3ጂ መካከል ቀኑን ሙሉ የሚዋልል ከሆነ «3ጂ/2ጂ» ምረጡና አንድ ቀን ሞክሩ።

ማስጠንቀቂያ፦ «3ጂ ብቻ» ወይም «4ጂ ብቻ» የሚለውን አትምረጡ። የመረጣችሁት በሌለበት ቦታ ስልኩ አገልግሎት ያጣል፤ የሚደውልላችሁም ሰው «ስልኩ ዝግ ነው» ይባላል።

ችግር ከተፈጠረ፦ ከለውጡ በኋላ ጥሪ አልገባ ካለ ወይም «ኖ ሰርቪስ» ከመጣ፣ ወደ አውቶማቲኩ መልሱ፣ ኤርፕሌን ሞድ ለግማሽ ደቂቃ አብርታችሁ አጥፉ፣ አንድ ደቂቃ ጠብቁ። አሁንም ካልመጣ ስልኩን አጥፍታችሁ አብሩ።

መ. በሐረጎ መንገድ ላይ

ሚኒባሱ ሳይንቀሳቀስ ዳታን አጥፉ፤ ጥሪና አጭር መልእክት ይገባል። የማትጠብቁት ጥሪ ከሌለ ኤርፕሌን ሞድ አብሩ። ቪዲዮ ማየትና ካርታ መክፈት እስክትደርሱ ይቆይ፤ ደካማ ምልክት ላይ ቪዲዮ መጫን ባትሪውን ከሁለት ወገን ያስበላል።

ኮምቦልቻ ውስጥ በብረት ጣራና ግድግዳ በተሠራ ፋብሪካ ወይም መጋዘን ለምትሠሩ፦ ስልኩን በብረት ሳጥን ቆልፋችሁ የምትገቡ ከሆነ አጥፉት ወይም ኤርፕሌን ሞድ አብሩለት። በብረት የተከበበ ስልክ የሥራ ሰዓታችሁን ሙሉ ምልክት ሲፈልግ ይውላል፤ ለማንም ሳይጠቅም።

ኤርፕሌን ሞድን ቀኑን ሙሉ አብሩ የሚል ምክር ግን አልቀበልም። ስልክ የምንይዘው ሰው እንዲያገኘን ነው። ዓረብ አገር ያለች እህት በእረፍቷ ሰዓት ደውላ ስታጣን፣ የተረፈው 10 በመቶ ምን ይሠራል?

ደረጃ 3፦ ስክሪኑ

1. የብርሃን መጠኑን በእጃችሁ ወደ ግማሽ ዝቅ አድርጉ፣ ቀጥሎ አውቶማቲክ ብርሃንን አብሩ። የእኩለ ቀን ፀሐይ ላይ ያደረጋችሁትን ሙሉ ብርሃን ቤት ውስጥ ይዞ መቆየት የተለመደ ብክነት ነው።

2. ስክሪኑ በራሱ የሚጠፋበትን ጊዜ 30 ሰከንድ አድርጉ።

3. በሴኮንድ 90 ወይም 120 ጊዜ የሚታደስ ስክሪን ካላችሁ ወደ 60 አውርዱ። ሲያንሸራትቱት ትንሽ ሸካራ ይመስላል፤ በሁለት ቀን ትለምዱታላችሁ።

4. ጥቁሩን ገጽታ ከማብራታችሁ በፊት ስክሪናችሁ ምን ዓይነት እንደሆነ ፈትሹ። ሌሊት መብራት አጥፍታችሁ ሙሉ በሙሉ ጥቁር የሆነ ምስል ክፈቱ። ጥቁሩ ግራጫ ሆኖ ካበራ ስክሪኑ ኤልሲዲ ነው፤ ጥቁር ገጽታ ለዓይን ይመች ይሆናል እንጂ ባትሪ አያተርፍም። ጥቁሩ ከጨለማው ተለይቶ ካልታየ አሞሌድ ነው፤ በዚህ ላይ ጥቁር ገጽታ በእርግጥ ይቆጥባል። ርካሾቹ ስልኮች በአብዛኛው ኤልሲዲ ናቸው።

ደረጃ 4፦ መተግበሪያዎቹን ሥርዓት አስይዙ

መጀመሪያ መጥረጉን አቁሙ። አንድሮይድም አይፎንም የማትጠቀሙበትን መተግበሪያ ራሳቸው ያስተኛሉ። ከተጠረገ በኋላ እንደገና ሲከፈት ከዜሮ መነሳት ስላለበት፣ በየጊዜው የምትከፍቱትን ቴሌግራም ስትዘጉና ስትከፍቱ መዋል ይበልጥ ያስበላል። የሚዘጋው የተበላሸ ወይም የተንጠለጠለ መተግበሪያ ብቻ ነው።

1. በደረጃ 1 ስሙን የጻፋችሁትን መተግበሪያ ክፈቱ፦ ሴቲንግ፣ «አፕስ»፣ የመተግበሪያው ስም፣ «ባትሪ»። በአዲሶቹ አንድሮይዶች ሦስት ምርጫ አለ። «ሪስትሪክትድ» ከበስተጀርባ እንዳይሠራ ያግደዋል፤ «ኦፕቲማይዝድ» ስልኩ እንዲወስን ይተወዋል፤ «አንሪስትሪክትድ» ደግሞ ሙሉ ነፃነት ይሰጠዋል። ጨዋታዎችን፣ የገበያ መተግበሪያዎችንና ፌስቡክን ወደ «ሪስትሪክትድ» አውርዱ። በሳምሰንግ ባትሪ ውስጥ ያለው የሚያስተኛ ዝርዝር ያንኑ ይሠራል። በአይፎን «ጄኔራል» ውስጥ የበስተጀርባ ማደስን ለእያንዳንዱ መተግበሪያ ማጥፋት ይቻላል።

2. ማስጠንቀቂያ፦ ጥሪ የምትቀበሉባቸውን ኢሞን፣ ዋትስአፕንና ቴሌግራምን አታግዱ። ቴክኖና ኢንፊኒክስ ከበስተጀርባ ያለን መተግበሪያ ጠንከር ብለው ይዘጋሉ፤ ከዚህ ላይ እገዳ ሲጨመር ጥሪው ሳይሰማ ያልፋል። ከለውጡ በኋላ መልእክት ዘግይቶ መግባት ከጀመረ ያንን መተግበሪያ ብቻ ወደ «ኦፕቲማይዝድ» መልሱ፤ አሁንም ከዘገየ «አንሪስትሪክትድ» አድርጉት።

3. የቴሌግራምን በራሱ ማውረድ አጥፉ፦ የቴሌግራም ሴቲንግ፣ «ዳታ ኤንድ ስቶሬጅ»፣ በሞባይል ዳታ ጊዜ በራሱ የሚወርደው። ቪዲዮንና ፋይልን አጥፉ፤ ፎቶ ይቆይ። በትምህርት ክፍልና በሥራ ቡድኖች ውስጥ ያሉ የወሎ ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ይህን ብቻ አድርገው ለውጥ ያያሉ፤ በየሰዓቱ የሚላከው ፋይል ሁሉ ሳይጠየቅ መውረዱን ያቆማልና። ትላልቅ ቡድኖችን ዝም አሰኟቸው፤ በእያንዳንዱ ማሳወቂያ ስክሪኑ መብራቱ አይቀርም።

4. በቲክቶክ ዳታ ቆጣቢውን አብሩ፤ በፌስቡክ ቪዲዮ በራሱ መጫወቱን አስቁሙ።

5. ሎኬሽንን ለእያንዳንዱ መተግበሪያ «በምጠቀምበት ጊዜ ብቻ» አድርጉ። የአየር ሁኔታ መተግበሪያ ሌሊቱን ሙሉ የት እንዳላችሁ ማወቅ አያስፈልገውም።

6. ረጅም የኢሞ ጥሪ ላይ ባትሪው ከ30 በመቶ ከወረደ ቪዲዮውን አጥፉና በድምፅ ቀጥሉ። ካሜራ፣ ስክሪንና ዳታ አንድ ላይ ሲሠሩ የሚፈጀውን ያህል የሚፈጅ ነገር ስልክ ውስጥ ብዙም የለም።

7. ሆትስፖት ስትጨርሱ አጥፉ። ብሉቱዝ ጥቂት ነው የሚበላው፤ በእሱ አትጨነቁ።

ከእነዚህ ውስጥ በአንድ ቀን ሁለት ሦስት ነገር ብቻ ለውጡ። ሁሉንም በአንድ ጊዜ የለወጠ ሰው ጥሪ መግባት ሲያቆም ምክንያቱን አያገኘውም።

ደረጃ 5፦ ቻርጅ፣ ሙቀትና ብርድ

ስልኩ በትክክል ሳይሞላ ባትሪ ቶሎ አለቀ የሚል ሰው ብዙ ነው። ቻርጀሩ ላይ በደቃቁ የተጻፈውን አንብቡ፤ «አውትፑት» ከሚለው አጠገብ 5 ቮልት፣ 1 አምፔር ከሆነ 5 ዋት ብቻ ነው የሚሰጠው። 5,000 ሚሊአምፔር-ሰዓት (mAh) ባትሪ ያለው ስልክ በዚህ ለመሙላት አምስት ሰዓት አካባቢ ወይም ከዚያ በላይ ሊፈጅ ይችላል። 2 አምፔር ያለው ጊዜውን በግማሽ ገደማ ይቀንሳል። አሁንም ከዘገየ ኬብሉን ለውጡ። ከዚያም የስልኩን መሰኪያ በደረቅ የእንጨት ስንጥር በቀስታ አጽዱ፤ በኪስ ውስጥ የሚጠቀጠቅ ብናኝ ኬብሉ ጠብቆ እንዳይገባ ያደርጋል። ስታጸዱ ስልኩ ይጥፋ። መርፌ አትጠቀሙ።

ባትሪው በ20ና በ80 በመቶ መካከል ሲቆይ ዕድሜው ይረዝማል፤ 100 በመቶ ላይ ሙቀት ተጨምሮበት ሲቆይ ያጥራል። ይህ ግን መብራት ለማይጠፋበት ቀን የሚሆን ምክር ነው። ነገ መብራት እንደሚጠፋ ካወቃችሁ ያለ ምንም ቅሬታ 100 ሙሉት። ለረጅም ዕድሜ ተብሎ የዛሬው ቀን አይጨልምም።

ሙቀት የባትሪ ዋና ጠላት ነው። ኮምቦልቻ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 1,850 ሜትር ዝቅ ያለች፣ ከደሴ የሞቀች ከተማ ናት። የባጃጅ ሹፌሮች ስልኩን መሪው ፊት ለፊት ፀሐይ ላይ አስቀምጣችሁ፣ ቻርጅ ላይ ሰክታችሁ፣ ሙዚቃ ከፍታችሁበት አትንዱ፤ ሦስት የሙቀት ምንጭ አንድ ላይ ነው። በጥላ በኩል አድርጉት። ቤት ውስጥ ደግሞ ትራስ ሥር ወይም ጋቢ ተሸፍኖ ቻርጅ አይደረግ። ስልኩ ሲነካ የሚፋጅ ከሆነ ንቀሉት፣ ሽፋኑን አውልቁ፣ ጥላ ላይ አስቀምጡት። ማቀዝቀዣ ውስጥ አታስገቡት፤ ውስጡ እርጥበት ይይዛል።

ደሴ 2,500 ሜትር አካባቢ ላይ ስላለች ችግሯ ሌላ ነው። በኅዳርና በታኅሣሥ ንጋት ላይ 20 በመቶ እያሳየ ድንገት የሚዘጋ ስልክ ምናልባት ብርዱ ነው። ብርድ የባትሪውን ውስጣዊ ሂደት ያዘገየዋል፤ ስልኩ የሚፈልገውን ኃይል በቅጽበት ማግኘት ሲያቅተው ይዘጋል። በውስጥ ኪስ፣ ከገላችሁ አጠገብ ያዙት። ሲሞቅ የቀረው በመቶ ይመለሳል። በከሰል ምድጃ አጠገብ ለማሞቅ አትሞክሩ።

መብራት ሲጠፋ ቻርጀሩን ከሶኬት ንቀሉ። ሲመለስ ጥቂት ደቂቃ ጠብቃችሁ ስኩት፤ በመመለሻው ቅጽበት የሚመጣው ያልተረጋጋ ቮልቴጅ ቻርጀሮችን ያቃጥላል።

ደረጃ 6፦ መብራት የማይኖርበት ቀን

ይህን ዝርዝር የሚጀምሩት 40 በመቶ ላይ ሆነው ነው። 8 በመቶ ላይ ከጀመሩት የሚያድነው ነገር አይኖርም።

1. ባትሪ ሴቨርን አብሩ። በአይፎን «ሎው ፓወር ሞድ» ነው።

2. ዳታን አጥፉ፤ በየሁለት ሰዓቱ ለአምስት ደቂቃ አብርታችሁ መልእክት ተመልከቱ።

3. ብርሃኑን ወደ ዝቅተኛው አውርዱ፤ ንዝረትን አጥፉ።

4. ክፍያ ካለባችሁ የቴሌብርን መተግበሪያ ከመክፈት *127# ደውሉ። ያለ ዳታ ይሠራል፤ ስክሪኑም ለአጭር ጊዜ ብቻ ይበራል።

5. አምስት አስፈላጊ ስልክ ቁጥሮች ወረቀት ላይ ጽፋችሁ ኪሳችሁ ውስጥ አድርጉ።

6. ስልኩን እንደ ባትሪ መብራት አትጠቀሙበት። ሻማ ወይም ኩራዝ አብሩ።

ፓወር ባንክ ልትገዙ ከሆነ ሒሳቡን ዕወቁት። 10,000 የተጻፈበት ፓወር ባንክ 5,000 ባትሪ ያለውን ስልክ ሁለት ጊዜ አይሞላም። ውስጡ ያለው በ3.7 ቮልት ነው፤ ወደ 5 ቮልት ሲቀየር፣ ስልኩም መልሶ ሲቀይረው በሙቀት የሚባክን አለ። አንድ ጊዜ ተኩል ገደማ ከሞላ በደንብ ሠርቷል። በመዳፍ የሚያዝ፣ ሲያነሱት የሚቀል ሆኖ 50,000 የተጻፈበትን አትግዙ፤ ጥሩ ባለ 10,000 ራሱ 200 ግራም አካባቢ ይመዝናል።

ደረጃ 7፦ ባትሪው ራሱ ሲያረጅ

ከዚህ ላይ የምትደርሱት የቀደሙትን ሠርታችሁ ካልተለወጠ፣ ወይም ከእነዚህ አንዱ ከታየ ነው፦ በሞቀ ቀንም ከ30 በመቶ ወደ 5 ይዘላል፤ ቻርጀር ሲነቀል ወዲያው ይዘጋል፤ አብጧል። በአይፎን ሴቲንግ፣ «ባትሪ»፣ «ባተሪ ሄልዝ» ውስጥ ከ80 በመቶ በታች ካሳየ የመቀየሪያው ጊዜ ደርሷል። ለምሳሌ እስከ አይፎን 14 ድረስ ያሉት የተሠሩት ከ500 ሙሉ የቻርጅ ዙር በኋላ 80 በመቶ አቅም እንዲይዙ ታስቦ ነው፤ በየቀኑ አንድ ሙሉ ዙር የሚጨርስ ሰው እዚያ የሚደርሰው በአንድ ዓመት ከአራት ወር ገደማ ነው።

ካበጠ፦ አጥፉት። ቻርጅ አታድርጉት፣ አትጫኑት፣ አየሩን ለማስወጣት ብላችሁ አትውጉት። የተወጋ ሊትየም ባትሪ ይቀጣጠላል። ከጨርቅና ከወረቀት ርቆ ሲሚንቶ ወይም ሸክላ ላይ ይቀመጥ፤ በዚያው ቀን ወደ ጠጋኝ ውሰዱት። ከቆሻሻ ጋር አታቃጥሉት። ባትሪው በእጅ የሚወጣ ዓይነት ስልክ ከሆነ ባትሪውን አውጥታችሁ ጠፍጣፋ ጠረጴዛ ላይ አሽከርክሩት፤ እንደ እንዝርት ከዞረ አብጧል።

ሳያብጥ በመቶው ብቻ የሚዘል ከሆነ፣ ከመግዛታችሁ በፊት አንድ ጊዜ ይህን ሞክሩ፦ ራሱ እስኪዘጋ ተጠቀሙበት፣ እንደጠፋ 100 ሙሉት፣ አንድ ሰዓት ጨምራችሁ ንቀሉትና አብሩ። ቆጣሪው ከባትሪው ጋር ተለያይቶ ከነበረ ይስተካከላል። በየወሩ አትድገሙት፤ ባትሪውን እስከ ዜሮ ማውረድ ዕድሜውን ይቀንሳል።

ለመቀየር ስትሄዱ፦

1. የስልኩን ሙሉ ሞዴል ከሴቲንግ ጽፋችሁ ያዙ። «ቴክኖ ነው» ማለት አይበቃም።

2. አሮጌው ባትሪ ላይ ያለው የኮድ ቁጥርና የአዲሱ አንድ መሆኑን በዓይናችሁ አረጋግጡ። አቅሙ ከአሮጌው እጅግ በልጦ ከተጻፈ ተጠራጠሩ፤ በዚያው መጠን ባለ ባትሪ እጥፍ ኃይል አይገባም።

3. ከዋጋው ጋር የሚመለስበትን የዋስትና ጊዜ ተስማሙ፣ በደረሰኝ ይጻፍ።

4. ከመውጣታችሁ በፊት እዚያው ሱቅ 20 ደቂቃ ቪዲዮ አጫውቱ። ከሰባት ስምንት በመቶ በላይ ከወረደ ወይም ጀርባው ከጋለ አትቀበሉ።

5. ሽፋኑ በዙሪያው እኩል ተጣብቆ መግጠሙን በጥፍራችሁ ዳስሱ። ክፍተት ካለ የክረምቱ እርጥበት ይገባዋል።

በሦስተኛው ቀን የሌሊት 1ን ፈተና ድገሙና ከአሮጌው ወረቀት ጋር አስተያዩት። ከ5 በመቶ በታች ከወረደ ጨርሳችኋል። እንደ ቀድሞው ከሆነ ደግሞ ሌሊት 2ንና 3ን ጨምሩ። በኤርፕሌን ሞድም እኩል ካወረደ፣ የዋስትናው ቀን ሳያልፍ ደረሰኙንና ወረቀቱን ይዛችሁ ወደ ሱቁ ተመለሱ።